ጫጉላና መንገድ፤ ሙሽሮች ከሠርግ በኋላ የሚጓዙበትን ጊዜ እንዴት ይወስኑ?

የጥምቀት በዓል ዐልፎ፣ ጌታችን በገሊላ ቃና በሠርግ ቤት መገኘቱን የምናስብበት ጥር 12 ቀን ሲውል፣ በየአጥቢያው የሠርግ ወራት ይከፈታል። በዚህም ወራት ወደ ንስሓ አባቶች ከሚቀርቡት ጥያቄዎች አንዱ የሚከተለው ነው። «አባታችን፣ ከሠርጉ በኋላ ለጥቂት ቀን ወጣ ብለን ለመመለስ አስበናል፤ መቼ ብንሄድ ይሻላል? በማግሥቱ ነው? ከመልስ በኋላ ነው? ወይስ ፋሲካን አሳልፈን?»

ጥያቄው ሲሰሙት ቀላል ይመስላል። አንዳንዱ ካህን «ይህማ የእናንተ ጉዳይ ነው» ብሎ ያልፈዋል፤ ሌላው ደግሞ ጉዞውን ራሱን የባዕድ ልማድ ነው ብሎ ጠያቂዎቹን ገሥጾ ይመልሳቸዋል። ነገር ግን በዚህች ትንሽ ጥያቄ ውስጥ የቅዱስ ቁርባን ክብር፣ የጾም ሥርዓት፣ የወላጆች ልብና የአዲሱ ትዳር ሰላም ተያይዘው ይገኛሉ። በጊዜው ያልተመከረበት ጉዞ ደስታ ይሆናል ተብሎ ታስቦ የቅሬታ መነሻ ሲሆን በየሰፈሩ ይታያል። ስለዚህ ነገሩን በጥሞና መመልከት ይገባል።

፩. ጫጉላ ምንድር ነው? ጉዞስ ምንድር ነው?

በአገራችን ጫጉላ አዲስ ነገር አይደለም። በገጠር ለሙሽሮቹ የተለየች ትንሽ ቤት ወይም ዳስ ተዘጋጅታ፣ ከሥራና ከሰው ግርግር ርቀው፣ ሚዜዎች እየተላላኩላቸው የሚሰነብቱባት ሥፍራ ጫጉላ ትባላለች። የዚህ ሥርዓት ዓላማው ግልጽ ነው። ሁለት ሰዎች አንድ ሥጋ ለመሆን ከእግዚአብሔር ፊት ቆመዋልና፣ ገበሬው ወደ እርሻው፣ ሙሽራይቱም ወደ ማጀትዋ ከመግባታቸው በፊት እርስ በርስ የሚላመዱበት ጊዜ ይሰጣቸው ዘንድ ነው።

ዛሬ በከተማ «የጫጉላ ሽርሽር» እየተባለ የሚጠራው ጉዞ የዚሁ የጫጉላ ተከታይ ነው። ጥንት ጎጆ ተቀልሶ የተሰጣቸውን ጸጥታ፣ የዘመኑ ሙሽሮች ሐዋሳ ወይም ባሕር ዳር፣ ቢሾፍቱ ወይም ከባሕር ማዶ ሄደው ይፈልጉታል። ድግሱ፣ የጥሪው ወረቀት፣ የአዳራሹና የልብሱ ጣጣ ብዙ ወራት ያደከማቸው ሰዎች ዕረፍት ቢሹ አያስነቅፋቸውም። ጉዞው በራሱ ኃጢአት አይደለም፤ ኃጢአት የሚሆነው ጊዜውንና ልኩን ሲስት ነው።

እንግዲህ ሁለቱን ለይተን እንያዝ። ጫጉላ ማለት ባልና ሚስት በጸሎትና በፍቅር አብረው የሚሆኑበት የመጀመሪያው ጊዜ ነው፤ ይህ ለሌላ ቀን ሊተላለፍ አይገባውም። ጉዞ ግን ለጫጉላ የተጨመረ ነገር ነው፤ ሊቀድምም ሊዘገይም፣ ሊቀርም ይችላል። ብዙው ችግር የሚመጣው ሁለቱን አንድ አድርጎ ከማየትና «ካልተጓዝን አልተሞሸርንም» ብሎ ከማሰብ ነው።

፪. ቅዱሳት መጻሕፍት ለሙሽሮች ጊዜ ይሰጣሉ

መጻሕፍትን ስንመረምር እግዚአብሔር ለአዲስ ተጋቢዎች ጊዜን እንደ ለየላቸው እናያለን። በኦሪት ዘዳግም ምዕራፍ 24 ቁጥር 5 አዲስ ሚስት ያገባ ሰው ወደ ጦርነት እንዳይወጣ፣ ሌላም ሸክም እንዳይጫንበት፣ አንድ ዓመት በቤቱ ተቀምጦ ያገባትን ሚስቱን ደስ እንዲያሰኛት ታዝዞአል። ልብ እንበል፤ ሕጉ ለሠራዊቱ ቁጥር ከመጨነቅ ይልቅ ለአንዲት ሙሽራ ደስታ አስቦአል። ደግሞም በቤቱ ይቀመጥ አለ እንጂ ወደ ሩቅ አገር ይሂድ አላለም።

በኦሪት ዘፍጥረት ምዕራፍ 29 ላባ ያዕቆብን የልያን ሰባት ቀን እንዲፈጽም ሲያዝዘው፣ በመጽሐፈ መሳፍንት ምዕራፍ 14 የሶምሶን የሠርግ ግብዣ ሰባት ቀን ሲቆይ እናነባለን። በመጽሐፈ ጦቢት ደግሞ ራጉኤል ለልጁ ለሣራና ለጦብያ ያደረገው ሠርግ ዐሥራ አራት ቀን ነበር። ከዚህ የምንረዳው የሙሽርነት ጊዜ በአንዲት ቀን ድግስ ተጀምሮ የሚያልቅ እንዳልሆነ ነው። ለሙሽሮች ጊዜ መስጠት የአባቶች ሥርዓት ነው፤ ይህን ጊዜ የሚነፍጋቸው ወላጅም ሆነ አሠሪ ከሥርዓቱ የወጣ ነው።

፫. የመጀመሪያው ሚዛን፤ ቅዱስ ቁርባን

በተክሊልና በቁርባን የተጋቡ ምእመናን ከሁሉ አስቀድመው ሊያስቡበት የሚገባ ነገር በዚያ ቀን የተቀበሉት ሥጋውና ደሙ ነው። ቅዱስ ቁርባንን የተቀበለ ሰው በዚያ ዕለት ሩቅ መንገድ እንዳይሄድ፣ ገላውን እንዳይታጠብ፣ ከመጠን ያለፈ መብልና መጠጥ እንዳይወስድ አባቶቻችን ያስተምራሉ። ይህም ሰውን ለማስጨነቅ የተደረገ ሳይሆን፣ ታላቅ እንግዳ በቤቱ ያረፈ ሰው ቤቱን ትቶ እንደማይወጣ ለማሳሰብ ነው።

እንግዲህ ጠዋት በቅዳሴ ቆርበው ማታ በአውሮፕላን ወይም በመኪና ረዥም መንገድ የሚሄዱ፣ ደርሰውም ወደ ባሕር ወይም ወደ ዋና የሚገቡ ሙሽሮች፣ የተቀበሉትን ጸጋ በምን ዐይነት ክብር ጠበቁት ይባላል? ቁርባኑ የሠርጉ ጌጥ ሆኖ ከልብሱና ከአበባው ጋር አብሮ የተቆጠረ አይመስልምን? ስለዚህ በቁርባን የተጋባ ሰው የጉዞውን ትኬት ለሠርጉ ዕለት መቁረጥ አይገባውም። የቁርባኑን ክብር የሚጠብቁባቸውን ቀናት የንስሓ አባታቸው ይነግሯቸዋል፤ እነዚያም ቀናት በቤታቸው በጸጥታና በጸሎት ሊፈጸሙ ይገባል። ጦብያና ሣራ በመጀመሪያዪቱ ሌሊት አስቀድመው ተነሥተው ስለ ምሕረት መጸለያቸውን መጽሐፈ ጦቢት በምዕራፍ 8 ይነግረናል። የትዳራቸው የመጀመሪያ ሥራ ጸሎት ነበረ።

፬. ሁለተኛው ሚዛን፤ ባሕረ ሐሳብና አጽዋማት

ብዙ ወጣቶች የሠርጋቸውን ቀን ሲቆርጡ የአዳራሹን ክፍት ቀን ይጠይቃሉ እንጂ ባሕረ ሐሳቡን አይጠይቁም። ነገር ግን ከጥምቀት እስከ ዐቢይ ጾም ያለው ጊዜ በየዓመቱ እኩል አይደለም። ጾመ ነነዌ ከጥር 17 ወዲህ አይወርድም፣ ከየካቲት 21 በላይ አይወጣም፤ ዐቢይ ጾምም ከየካቲት 1 እስከ መጋቢት 5 ባሉት ቀናት መካከል ይገባል። ለምሳሌ በ2016 ዓ.ም. ነነዌ የካቲት 18፣ ዐቢይ ጾም መጋቢት 2 ቀን ነው፤ ከጥምቀት እስከ ዐቢይ ጾም ሃምሳ አንድ ቀን ይቆጠራል። በ2018 ዓ.ም. ግን ነነዌ ጥር 25፣ ዐቢይ ጾም የካቲት 9 ቀን ነው፤ በመካከሉ ያለው ሃያ ስምንት ቀን ብቻ ነው።

እንግዲህ በእንዲህ ያለ አጭር ዓመት ጥር መጨረሻ ላይ የተጋቡ ሰዎች፣ በመልሱና በዘመድ ጥሪ ጥቂት ቀን ከቆዩ በኋላ የሁለት ሳምንት ጉዞ ቢጀምሩ፣ ዐቢይ ጾም በመንገድ ላይ ይይዛቸዋል። በጾም ወራት ባልና ሚስት በስምምነት ከሩካቤ ታቅበው ለጸሎት እንዲተጉ ቅዱስ ጳውሎስ በአንደኛ ቆሮንቶስ ምዕራፍ 7 ቁጥር 5 ያስተምራል። የሙሽርነት ጉዞና የሁዳዴ ጾም በአንድ ሳምንት ሲጋጠሙ፣ ከሁለቱ አንዱ መሸነፉ አይቀርም፤ ብዙ ጊዜም የሚሸነፈው ጾሙ ነው። «ሙሽሮች ነንና ለዘንድሮ ይቅርብን» የሚል ምክንያት ይሰማል። በሉቃስ ወንጌል ምዕራፍ 14 በታላቁ እራት ምሳሌ ውስጥ ሚስት ስላገባሁ አልመጣም ያለ ሰው አለ፤ ጌታ የምክንያቱን ዋጋ እንዴት እንደ ቆጠረው ምሳሌውን እስከ ፍጻሜው ያነበበ ሰው ያውቀዋል። ጋብቻ ከእግዚአብሔር ጥሪ ማምለጫ ሊሆን አይችልም።

ታዲያ ምን ይደረግ? መልሱ አስቸጋሪ አይደለም። ጊዜው ካጠረ ጉዞው ይተላለፍ። ከፋሲካ እስከ በዓለ ኀምሳ ያሉት ቀናት ረቡዕና ዓርብ እንኳ የማይጾሙባቸው የደስታ ቀናት ናቸው። በ2018 ዓ.ም. አቆጣጠር ፋሲካ ሚያዝያ 4፣ በዓለ ኀምሳ ግንቦት 23፣ የጾመ ሐዋርያት መጀመሪያ ግንቦት 24 ቀን ነው። የመጀመሪያውን ጾማቸውን በአንድነት ጾመው፣ የትንሣኤን ቅዳሴ በአንድነት አስቀድሰው፣ ከዚያ በኋላ ቢጓዙ፣ ያ ጉዞ በእውነት ዕረፍት ይሆንላቸዋል። ደግሞም አብረው ጾመው ያወቁት ጠባይ፣ ሆቴል ገብተው ከሚያውቁት ይልቅ የጠለቀ ነው። ከፋሲካ በኋላ የሚጋቡ ደግሞ ጾመ ሐዋርያት የሚገባበትን ቀን፣ በጥቅምት የሚጋቡም ኅዳር 15 ቀን የሚጀምረውን ጾመ ነቢያትን በዚሁ መንገድ ይቁጠሩ።

እዚህ ላይ አንድ ፍርሃት መነሣቱ አይቀርም። «ጉዞውን ካስተላለፍነው ሥራው፣ ኑሮው፣ የዘመድ ጉዳይ ይውጠዋል፤ ሳንሄድ እንቀራለን» ይላሉ። ይህ ፍርሃት ውሸት አይደለም። ብዙ ሚስቶች «ከፋሲካ በኋላ» የተባለውን ቃል እያስታወሱ ዓመታት አሳልፈዋል። ስለዚህ ጉዞውን የሚያስተላልፍ ባል ቀኑን አብሮ ይቁረጥ፤ ለጉዞው የታሰበውን ገንዘብ ለብቻው አኑሮ ለሌላ ጉዳይ አይንካው፤ ቃሉንም እንደ ስለት ይቁጠረው። እስከዚያም ድረስ ሙሽራይቱ ፀንሳ ብትገኝ፣ ይህ የደስታ ደስታ ነውና፣ አቅራቢያ ያለና ለጤናዋ የሚመች ሥፍራ ይመረጥ እንጂ ጉዞው በዚሁ ምክንያት አይሰረዝ።

፭. ሦስተኛው ሚዛን፤ ወላጆችና መልስ

መልስ በእኛ ሥርዓት ቀላል ነገር አይደለም። ልጅዋን አልቅሳ የሸኘች እናት ደስ ብሏት የምትቀበልበት፣ ሁለቱ ቤተ ዘመዶች በአንድ ማዕድ የሚቀራረቡበት ቀን ነው። ሙሽሮቹ በሠርጉ ማግሥት ሳይሰናበቱ ቢሄዱ፣ የተጠመቀው ጠላና የተሠራው ወጥ ሌላ ሰው ይበላው ይሆናል፤ በእናት ልብ የሚቀረው ግን በቀላሉ አይወጣም። «ልጄን ወሰደብኝ» የሚለው ቃል ከተነገረ በኋላ፣ አማቹ ቢክስም ብዙ ዓመት ይፈጅበታል።

በዚህ ረገድ የጦብያ ነገር ታላቅ ትምህርት ይሰጠናል። ጦብያ ለአባቱ ጉዳይ ተልኮ ሄዶ ሣራን አገባ። አማቱ ራጉኤል ዐሥራ አራቱ የሠርግ ቀናት ሳይፈጸሙ እንዳይሄድ በመሐላ ያዘው። ጦብያ ግን አባቱ ቀኑን እየቆጠረ እንደሚጨነቅ ያውቅ ነበርና፣ የአባቱን ጉዳይ የሚፈጽምለት መልእክተኛ ላከ። እናቱም በየቀኑ ወደ መንገዱ እየወጣች ታለቅስ ነበር። ቀኑ በተፈጸመ ጊዜ አማቱን አስፈቅዶ፣ ተመርቆ ከሚስቱ ጋር ተነሣ፤ በነነዌም በአባቱ ቤት ደግሞ ሌላ ሰባት ቀን ሠርግ ተደረገ። እንግዲህ ተመልከቱ፤ ለሚስቱ ወላጆች ቀናቸውን ሰጠ፤ ለራሱም ወላጆች ቀናቸውን ሰጠ፤ የተላከበትንም ጉዳይ አልዘነጋም። ማንንም ሳይሰናበት አልሄደም።

ነገር ግን ወላጆችም ሚዛን ሊይዙ ይገባል። በኦሪት ዘፍጥረት ምዕራፍ 24 የርብቃ ወንድምና እናት ልጅቱ ቢያንስ ዐሥር ቀን እንድትቆይላቸው ለመኑ፤ የአብርሃም አገልጋይ ደግሞ አታዘግዩኝ አለ። በመጨረሻ ልጅቱን ጠርተን እንጠይቃት ተባለ፤ እርስዋም እንደምትሄድ ተናገረች፤ መርቀውም ሸኙአት። በዘመናችን ብዙ ጊዜ ቀኑን የሚቆርጡት ሙሽራውና ሚዜዎቹ ናቸው፤ ካልሆነም ወላጆች ናቸው፤ ሙሽራይቱ ግን የሚነገራት እንጂ የምትጠየቅ አትሆንም። ርብቃ ከተጠየቀች ብዙ ሺህ ዘመን ሆነ፤ እኛ ዛሬ ልጆቻችንን ሳንጠይቅ ብንወስን እንደምን ያለ ነገር ይሆናል? ስለዚህ የጉዞው ቀን ሲታሰብ አስቀድማ ሙሽራይቱ ትጠየቅ፤ ከዚያም የሁለቱ ወላጆች ምርቃት ይጠየቅ።

፮. አራተኛው ሚዛን፤ ኪስና ሥራ

ጌታችን በሉቃስ ወንጌል ምዕራፍ 14 ግንብ ሊሠራ የሚወድ ሰው አስቀድሞ ተቀምጦ ወጪውን እንዲቆጥር አስተምሮአል። ለሠርጉ ተበድሮ፣ ለጉዞው ደግሞ በዚያው ላይ ጨምሮ የሚበደር ሙሽራ፣ የጎጆውን መሠረት በሌላ ሰው ገንዘብ ላይ ይጥላል። የአንድ ሳምንት ደስታ የዓመት ዕዳ ሆኖ ሲመጣ፣ የመጀመሪያው የባልና ሚስት ክርክር ከዚያ ይነሣል። ለሰው ለማሳየት ተብሎ የሚደረግ ጉዞ ደግሞ ከዚህ የከፋ ነው፤ ፎቶግራፉ በስልክ እየተላከ ጎረቤትና ባልንጀራ ሲያደንቀው፣ ዕዳው ግን ከሁለቱ ጋር ይተኛል፣ ከሁለቱ ጋር ይነሣል።

ሥራንም መቁጠር ያስፈልጋል። በ2011 ዓ.ም. የወጣው የአሠሪና ሠራተኛ አዋጅ ቁጥር 1156 ጋብቻ ለሚፈጽም ሠራተኛ ደመወዝ የሚከፈልበት 3 የሥራ ቀናት ፈቃድ ይሰጣል። እሑድ ለተጋባ ሰው እነዚህ ቀናት ከሰኞ እስከ ረቡዕ ይሆናሉ። እነዚህን ሦስት ቀናት ለመንገድ ማዋል መልካም አይመስልም፤ ቁርባኑን ለማክበርና ለመልሱ ይበቃሉና፣ ለእነዚህ ይዋሉ። በዚሁ አዋጅ ለመጀመሪያው የአገልግሎት ዓመት 16 የሥራ ቀናት የዓመት ዕረፍት አለ፤ ጉዞው ከዚህ ተቆርሶ በተመቸ ወራት ሊደረግ ይችላል። እንዲህ ሲሆን ለእያንዳንዱ ነገር የራሱ ጊዜ ይኖረዋል።

፯. ከባሕር ማዶ ስለሚመጡ ሙሽሮች

በአሜሪካ፣ በአውሮፓ ወይም በዐረብ አገሮች የሚኖሩ ወንድሞችና እኅቶች ለሠርግ ወደ አገር ቤት ሲመጡ ነገሩ ይከብዳል። እንበልና ሙሽራው ሦስት ሳምንት ብቻ ፈቃድ አለው፤ ከዚያ በኋላ የጉዞ ወረቀትዋ እስኪያልቅ ድረስ ሚስቱን ትቶ ይመለሳል፤ መለያየቱም ወራት፣ አንዳንድ ጊዜም ከዓመት በላይ ይሆናል። ለእንዲህ ያሉት «ከፋሲካ በኋላ ሂዱ» ማለት ምክር አይሆንም። አብረው የሚሆኑባቸው ቀናት በጣት የሚቆጠሩ ናቸውና።

ለእነዚህ የሚሻለው መንገድ ይህ ነው። የሠርጉ ቀን ከመቆረጡ በፊት የንስሓ አባታቸውን አማክረው፣ ሦስቱም ሳምንታት ከጾም ውጭ እንዲውሉ ያድርጉ። ሠርጉን በመምጫው ሳምንት እንጂ በመሄጃው ዋዜማ አያድርጉት። የቁርባኑን ቀናት ከጠበቁና መልሱን ካደረጉ በኋላ፣ ሳይዘገዩ የራሳቸውን ቀናት ይውሰዱ። ዘመድም እየተፈራረቀ በየቤቱ እየጠራ እነዚህን ቀናት አይብላባቸው። ምሳ የሚጋብዝ አጎት ሙሽራው ተመልሶ ሲመጣ ሊጋብዘው ይችላል፤ ሚስቱ ግን እነዚህን ቀናት ካጣች፣ በመለያየቱ ወራት የምታስታውሰው ነገር ያጥራታል። ትዳር በሩቅ ሲሆን የሚያቆመው የመጀመሪያው መተዋወቅ ነው። ስለዚህ ለእነዚህ ሙሽሮች አጭር ጉዞ ቅንጦት ሳይሆን ለትዳራቸው የሚያስፈልግ ስንቅ ነው፤ ወላጆችም ይህን አስተውለው ሊለቋቸው ይገባል።

፰. ወዴት ይሂዱ?

ወደ ቅዱሳት መካናት ለመሄድ የሚያስቡ ሙሽሮች የተባረኩ ናቸው፤ ነገር ግን አስቀድመው ሥርዓቱን ይጠይቁ። በጣና ከሚገኙት ገዳማት ክብራን ገብርኤልና ዳጋ እስጢፋኖስ ሴቶችን አያስገቡም፤ በትግራይ ያለው ደብረ ዳሞም እንዲሁ ነው። ሙሽራ ሚስቱን በጀልባ ላይ ወይም ከተራራው ሥር ትቶ ብቻውን ቢወጣ፣ ለሁለት የታሰበው ጉዞ የአንድ ሰው ይሆናል። በዘጌ ያለው ኡራ ኪዳነ ምሕረት ግን ወንድንም ሴትንም ይቀበላል። ወደ ገዳም ሲሄዱም ለበረከትና ለሱባዔ እንጂ ለሽርሽር አይሁን፤ የዕረፍታቸውን ቀናት በሌላ ሥፍራ ያድርጉት። የትም ቢሄዱ እሑድ ሲሆን በአቅራቢያው ወዳለው ቤተ ክርስቲያን ሄደው ያስቀድሱ። የሙሽርነትን ጉዞ ከተራ ሽርሽር የሚለየው ይህ ነው።

፱. ለካህናት የሚገባ

በመጨረሻም ወደ ካህናት አባቶች እንመለስ። ወጣቶች ስለ ጉዞአቸው ሲጠይቁ ጥያቄውን አንናቅባቸው። ስለዚህ ነገር የጠየቀ ሰው፣ ነገ በትዳሩ ችግር ሲገጥመውም ይጠይቃል፤ ዛሬ ተሥቆበት ወይም ተቆጥተውት የሄደ ግን ነገ አይመለስም። ለሠርግ ሲዘጋጁ ባሕረ ሐሳቡን አውጥተን እንቁጠርላቸው፤ የትኛው ቀን ለቁርባኑ፣ የትኛው ለመልሱ፣ የትኛው ለራሳቸው እንደሆነ እናሳያቸው። ጉዞው እንዲዘገይ ስናዝዝም ምክንያቱን እንንገራቸው እንጂ በትእዛዝ ብቻ አንመልሳቸው።

እንግዲህ በአጭሩ ስንደመድመው፣ ጫጉላ ይቅደም፤ ጉዞ ይከተል። በቁርባኑ ዕለት አይጓዙ፤ መልሱን ሳያደርጉና ሳይመረቁ አይነሡ፤ ጾም በመንገድ እንዳያገኛቸው ይቁጠሩ፤ ተበድረው አይሂዱ፤ ያስተላለፉትንም በቃላቸው ይፈጽሙ። በዚህ ሁሉ ላይ ባል ሚስቱን፣ ሚስትም ባልዋን ትጠይቅ። የጉዞአቸውን ቀን በመመካከር የወሰኑ ባልና ሚስት፣ አንድም እርምጃ ሳይራመዱ የትዳርን መንገድ በመልካም ጀምረዋል።

በቃና ዘገሊላ የተጠራ ጌታ፣ በየቤታችን ወደሚሠሩት አዳዲስ ጎጆዎች ሁሉ ይግባ፤ ሙሽሮቻችንንም መውጣታቸውንና መግባታቸውን ይባርክላቸው።

ወስብሐት ለእግዚአብሔር።